ሳያስሩ ማየት

ተማሪዎች ሆይ፣ በዚህ ምንባብ የአንድ ሰው ሕይወትና ሥራ ልተርክላችሁ ተነሥቻለሁ። ሰውየው የአገራችን ሰው አይደሉም፤ የተወለዱትም ያደጉትም በእንግሊዝ አገር ነው። የዕድሜ ልክ ሥራቸው የዱር እንስሳትን ኑሮ በቴሌቪዥን ለሰው ልጅ ማሳየት ነው። ይሁን እንጂ ወደ እርሳቸው ታሪክ ከመግባቴ በፊት፣ በወላይታ፣ ኦቶና በሚባለው ሰፈር እኔው ራሴ የፈጸምሁትን አንድ ጥፋት መናገር ይገባኛል። የእኚህ ሰው ሥራ ምን ያህል ክቡር እንደ ሆነ የተረዳሁት በዚያ ጥፋት በኩል ነውና።

ኦቶና በሶዶ ከተማ የሚገኝ ሰፈር ነው። ከሁሉ ይልቅ የሚታወቀው በሆስፒታሉ ነው። ከዚያ ሆኖ ቀና ብሎ የሚመለከት ሰው የዳሞታን ተራራ ያያል። ተራራው ከባሕር ወለል በላይ ሦስት ሺህ ሜትር ገደማ ከፍ ይላል፤ በክረምት ጧት ጧት አናቱን ጉም ይሸፍነዋል። በግርጌው የእንሰቱ ተክል ከቤቶቹ ጓሮ ጋር ተያይዞ አረንጓዴ ምንጣፍ የተዘረጋ ያስመስለዋል። ሌሊት ጅብ ይጮኻል፤ ጃርትና ፍልፈል የእንሰቱን ሥር እየበሉ ገበሬውን ያማርሩታል። በየገደሉ ጥሻ ውስጥ ደግሞ ዓይን አፋሩ ድኩላ ይሸሸጋል።

ጊዜው 1977 ዓ.ም. ነበር። ወላይታ ያን ጊዜ በሲዳሞ ክፍለ ሀገር ከነበሩት አውራጃዎች አንዱ ነበር። እኔም ከመምህራን ማሠልጠኛ በዲፕሎማ ወጥቼ ብዙ ያልቆየሁ፣ ወጣት የአማርኛ መምህር ነበርሁ። አንድ ቀን ለዘጠነኛ ክፍል ተማሪዎቼ ስለ ገላጭ ድርሰት ካስተማርሁ በኋላ፣ «ስለ አንድ የዱር እንስሳ ጻፉ» ብዬ አዘዝኋቸው። ደብተሮቹን ሰብስቤ ማረም ስጀምር ሁሉም ማለት ይቻላል ስለ አንበሳ ጽፈዋል። አብዛኞቹም ድርሰታቸውን የከፈቱት «አንበሳ የአራዊት ሁሉ ንጉሥ ነው» በሚል ዓረፍተ ነገር ነበር። ከመካከላቸው አንበሳ በዓይኑ ያየ አንድም ተማሪ አልነበረም።

በማግስቱ ክፍል ስገባ ተቈጥቼ ነበር። «ያላያችሁትን ለምን ትጽፋላችሁ? በዓይናችሁ ያያችሁትን፣ በእጃችሁ የዳሰሳችሁትን ጻፉ!» አልኋቸው። ይህ ምክር ለድርሰት ጸሓፊ መልካም ምክር ነው፤ ዛሬም ቢሆን አልተጸጸትሁበትም። ነገር ግን ምክር በሰሚው ልብ ውስጥ ምን ሆኖ እንደሚበቅል አማካሪው አስቀድሞ አያውቅም።

ከሦስት ቀን በኋላ ከኋላ ወንበር የሚቀመጥ፣ ድምፁ እምብዛም የማይሰማ አንድ ልጅ፣ በጋቢ የተጠቀለለ ነገር አቅፎ ወደ ትምህርት ቤት መጣ። ጋቢውን ገለጥ ሲያደርገው ከውስጡ አንድ የድኩላ ግልገል ብቅ አለ። ቈዳው ቀላ ያለ ቡናማ ሆኖ በጎንና በጭኑ ላይ ነጫጭ ነጠብጣብ ተረጭቶበታል፤ ዓይኖቹ ትልልቅና ጥቋቁር ናቸው፤ እግሮቹ እንደ ሸምበቆ ቀጫጭን ናቸው።

«ከየት አመጣኸው?» አልሁት።

«ከገደሉ ጥሻ ውስጥ ብቻውን ተኝቶ አገኘሁት፣ ጋሼ። እናቱ ጥላው የሄደች ይመስለኛል። እርስዎ ‘ያያችሁትን ጻፉ’ ስላሉን ነው ያመጣሁት።»

ልጁን እንዴት አድርጌ እንዳመሰገንሁት ዛሬም ትዝ ይለኛል። ግልገሉን በግቢው ውስጥ ካለ አንድ ዋንዛ ሥር በገመድ አሰርነው። ተማሪዎቹም ዙሪያውን ከበው ቁጭ አሉና መጻፍ ጀመሩ። ጆሮው እንዴት እንደሚንቀሳቀስ፣ አፍንጫው እንዴት እንደሚረጥብ፣ ጥላ ባለፈ ቁጥር እንዴት እንደሚርበተበት አንድ በአንድ ጻፉ። የላም ወተት አመጣንለት፤ አልጠጣም። ለጋ ሣር አቀረብንለት፤ ዞር ብሎ አላየውም። በሦስተኛው ቀን ጧት የጥበቃ ሠራተኛው ጠርቶኝ ብሄድ፣ ግልገሉ ገመዱ ከአንገቱ ሳይወልቅ ሞቶ አገኘሁት።

በዚያው ሳምንት ድርሰቶቹን አረምሁ። እስከዚያ ቀን ድረስ ካረምኋቸው ሁሉ የተሻሉ ነበሩ። ግልገሉን ያመጣው ልጅ ወረቀት ላይ ግን አንዲት ዓረፍተ ነገር ብቻ ነበረች፤ እርሷም «እናቱ ተመልሳ መጥታ ፈልጋው ይሆን?» የምትል ነበረች። ይህ ድርሰት ነው ሊባል አይችልም ብዬ ከአሥር ዜሮ ሰጠሁት። ልጁ ወረቀቱን ተቀብሎ አጠፈና አንድም ቃል ሳይናገር ወደ ወንበሩ ተመለሰ።

የዚያች ዓረፍተ ነገር መልስ የደረሰኝ ከብዙ ዓመታት በኋላ ነው። እናት ድኩላ ግልገሏን ጥላ አትሄድም። አራዊት እንዳያዩባት በጥሻ ውስጥ ደብቃው ትሰማራለች፤ ግልገሉም ሳይንቀሳቀስ ተኝቶ ይጠብቃታል፤ እርሷም እየተመለሰች ታጠባዋለች። እንግዲህ ያ ግልገል የተጣለ አልነበረም፤ የተደበቀ ነበር። ልጁና እኔ ያን ዕለት ከጥሻው ራቅ ብለን፣ ድምፃችንን አጥፍተን ጥቂት ሰዓት ብንጠብቅ ኖሮ፣ እናቲቱ ስትመለስ በዓይናችን ባየን ነበር። ድርሰቱም ከዚያ የበለጠ ይሆን ነበር፤ ግልገሉም ባልሞተ።

ይህን በልባችሁ ይዛችሁ፣ አሁን የምነግራችሁን ሰው ታሪክ አድምጡ።

ዴቪድ አተንቦሮ የተወለዱት እ.ኤ.አ. ሜይ 8 ቀን 1926 በለንደን አቅራቢያ ነው። በታሪካቸው ውስጥ የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር መሆናቸውን ልብ በሉ። አባታቸው ሌስተር በምትባል ከተማ የዩኒቨርሲቲ ኮሌጅ ኃላፊ ስለ ነበሩ፣ ዴቪድ ከሁለት ወንድሞቻቸው ጋር ያደጉት በኮሌጁ ግቢ ውስጥ ነው። ታላቅ ወንድማቸው ሪቻርድ በኋላ ዝነኛ የፊልም ተዋናይና አዘጋጅ ሆነዋል። ብላቴናው ዴቪድ ግን ልባቸውን የሰጡት ለድንጋይና ለኩሬ ነበር። በብስክሌት እየዞሩ በድንጋይ ውስጥ የታተመውን የጥንት እንስሳት ቅሪተ አካል ይሰበስቡ ነበር። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ ቤተሰቡ ከጀርመን ሸሽተው የመጡ ሁለት አይሁዳውያን ልጃገረዶችን ተቀብሎ እንደ ልጆቹ አሳድጎ ነበር። አንዷም ለዴቪድ በውስጡ የጥንት ነፍሳት ያሉበት፣ ወደ ድንጋይነት የተለወጠ የዛፍ ሙጫ ሰጠቻቸው። ያቺ ትንሽ ስጦታ በልባቸው ተተክላ ኖረች፤ ከብዙ አሥርት ዓመታት በኋላ ስለዚሁ ሙጫ አንድ ሙሉ ፊልም ሠርተዋል።

የዐሥራ አንድ ዓመት ልጅ ሳሉ የኮሌጁ የእንስሳት ጥናት ክፍል ለትምህርት የሚሆኑ «ኒውት» የሚባሉ እንስሳት መፈለጉን ሰሙ። ኒውት መልኳ እንደ እንሽላሊት፣ ኑሮዋ ግን እንደ እንቁራሪት በውሃና በየብስ የሆነ ትንሽ እንስሳ ናት። ዴቪድ አባታቸውን አማላጅ አድርገው «ብዙ አቀርባለሁ» አሉና አንዷን በሦስት ፔኒ ይሸጡ ጀመር። እንስሳቱን ከየት እንደሚያመጧቸው ግን አልተናገሩም። ያመጧቸው የነበረው እዚያው የጥናት ክፍሉ ሕንፃ አጠገብ ካለው ኩሬ ነበር! እነዚያ ሊቃውንት በየቀኑ በኩሬው አጠገብ ያልፋሉ፤ ነገር ግን በውስጡ ያለውን አላዩም። ተማሪዎች ሆይ፣ ይህን ታሪክ ስታነቡ ሳቁ፤ ነገር ግን ስቃችሁ ብቻ አትለፉት። እናንተስ ወደ ትምህርት ቤት ስትመላለሱ በየቀኑ የምታልፉት ኩሬ ወይም ጅረት በውስጡ ምን እንዳለ ታውቃላችሁን?

አተንቦሮ በኬምብሪጅ ዩኒቨርሲቲ የተፈጥሮ ሳይንስ አጥንተው ከወጡ በኋላ ሁለት ዓመት በባሕር ኃይል አገለገሉ። በ1950 በቢ.ቢ.ሲ. የሬዲዮ ክፍል ሥራ ለማግኘት አመለከቱ፤ ማመልከቻቸው ተቀባይነት አላገኘም። ነገር ግን ወረቀቱ በዚያን ጊዜ ገና ጨቅላ በነበረው የቴሌቪዥን ክፍል ከኃላፊዎቹ አንዷ በነበሩት በወይዘሮ ሜሪ አዳምስ እጅ ገባና ለሥልጠና ተጠሩ። አተንቦሮ በዚያን ጊዜ ቴሌቪዥን አልነበራቸውም፤ በዕድሜያቸውም ያዩት አንድ ዝግጅት ብቻ ነበር። በ1952 ቋሚ ሠራተኛ ሆኑ። የሚገርመው ግን በመጀመሪያ በካሜራ ፊት እንዳይቀርቡ መደረጉ ነው፤ ምክንያቱም ወይዘሮ አዳምስ «ጥርሳቸው ትልቅ ነው» ብለው ስላሰቡ ነበር። በኋላ በዓለም ዙሪያ የታወቀው ያ ፊት በመጀመሪያ ለቴሌቪዥን አይሆንም ተብሎ የተነቀፈ ፊት ነበር።

ወደ ካሜራው ፊት ያቀረባቸው የሌላ ሰው ሕመም ነው። በ1954 ቢ.ቢ.ሲ.ና የለንደን የእንስሳት ማቆያ በአንድነት ወደ ሴራሊዮን ጉዞ አደረጉ። የጉዞው ዓላማ ብርቅ እንስሳትን ይዞ ወደ ለንደን ማምጣትና የአያያዙን ሁኔታ በፊልም ማሳየት ነበር። ዝግጅቱን ማቅረብ የሚገባቸው የማቆያው ባለሙያ ጃክ ሌስተር ነበሩ፤ እርሳቸው ግን ታመሙ። በእርሳቸው ምትክ አዘጋጁ አተንቦሮ ራሳቸው ቀረቡ። ዝግጅቱ በሕዝብ ዘንድ እጅግ ተወደደ፤ ለዓመታትም ቀጠለ።

እዚህ ላይ ቆም በሉ። ልብ አላችሁን? ይህ ሰው ሥራቸውን የጀመሩት እንስሳትን በመያዝ ነበር። ወጥመድ ያጠምዱ ነበር፤ በቀፎና በሣጥን አድርገው ባሕር ያሻግሩ ነበር። በዚያን ዘመን ይህ እንደ ነውር አይቈጠርም፤ እንዲያውም የጀግና ሥራ ተደርጎ ይታይ ነበር። እኔም በኦቶና ግልገሉን በዋንዛው ሥር ሳስር እንደ ጥፋት አልቈጠርሁትም፤ ጥሩ መምህር የሆንሁ መስሎኝ ነበር እንጂ።

በ1956 አተንቦሮ ወደ ኢንዶኔዢያ ተሻግረው በኮሞዶ ደሴት የሚኖረውን፣ በዓለም ካሉት እንሽላሊቶች ሁሉ የሚበልጠውን ግዙፍ እንስሳ ፍለጋ ሄዱ። ይህ እንሽላሊት እስከ ሦስት ሜትር ይረዝማል። ከብዙ ድካም በኋላ አንዱን በወጥመድ ያዙት። ነገር ግን የአገሩ ባለሥልጣኖች እንስሳውን ከአገር ለማስወጣት ፈቃድ አልሰጡም። ስለዚህ እንስሳው በደሴቱ ቀረ፤ ፊልሙ ግን ለንደን ደረሰ። ሕዝቡም ፊልሙን አይቶ ተደነቀ። እኔ ይህን ባነበብሁ ጊዜ ለራሴ እንዲህ አልሁ፤ «እነሆ፣ ወጥመዱ አላስፈለገም ነበር፤ ለማየት ዓይንና ትዕግሥት በቂ ነበሩ።»

አተንቦሮ ከዚያ በኋላ በማዕረግ ከፍ ከፍ አሉ። በ1965 የቢ.ቢ.ሲ. ሁለተኛ ጣቢያ ኃላፊ ሆኑ። በ1967 በእንግሊዝ አገር የቀለም ቴሌቪዥን ሲጀመር ጣቢያው በእርሳቸው አመራር ሥር ነበር። በ1969 ደግሞ የሁለቱም ጣቢያዎች የዝግጅት ዳይሬክተር ተደረጉ። ሰዎች ለመሥሪያ ቤቱ የበላይ ሹመት ያጯቸው ጀመር። እርሳቸው ግን በጠረጴዛ ዙሪያ ተቀምጦ በጀት ማጽደቅ ልባቸውን አላረካውም። በ1973 መጀመሪያ ሥልጣናቸውን በፈቃዳቸው ለቀው ወደ ዱሩ ተመለሱ። ሹመት ፍለጋ ብዙ ሰው ሲደክም አይተናል፤ የያዘውን ሹመት ለሚወደው ሥራ ሲል የሚተው ግን ጥቂት ነው።

ከሥልጣን የወጡት ለአንድ ትልቅ ሐሳብ ነበር፤ የሕይወትን ታሪክ ከመጀመሪያው እስከ ሰው ልጅ ድረስ በሥዕል ለመተረክ። «ሕይወት በምድር» የተባለው ይህ ዝግጅት ሦስት ዓመት ተደክሞበት በ1979 በዐሥራ ሦስት ክፍል ቀረበ። ዝግጅቱን በዓለም ዙሪያ አምስት መቶ ሚሊዮን ያህል ሕዝብ እንዳየው ይገመታል።

በዚያ ዝግጅት ውስጥ ከሁሉ ይልቅ የታወቀው ትርኢት በሩዋንዳ ተራሮች የተነሣው ነው። አተንቦሮ የእጅ አውራ ጣት ለመጨበጥ ስላለው ጥቅም ሊናገሩ አስበው ወደ ጎሪላዎች እየተሳቡ ቀረቡ። ጎሪላዎቹ ግን አልሸሹም። አንዲት ትልቅ ጎሪላ እጇን ወደ ራሳቸው ሰደደች፤ ግልገሎቹም እግራቸው ሥር ሆነው የጫማቸውን ክር ሊፈቱ ሞከሩ። አተንቦሮ ያዘጋጁትን ንግግር ረሱት፤ በሹክሹክታም የሰው ልጅ ጎሪላን የጭካኔ ምሳሌ ማድረጉ ፍርደ ገምድልነት መሆኑን፣ ጨካኙ ጎሪላው ሳይሆን እኛው መሆናችንን ተናገሩ። ጎሪላዎቹ ሰውን ሳይፈሩ የተቀበሉት በድንገት አይደለም። ዳያን ፎሲ የተባሉ ተመራማሪ ከ1967 ጀምሮ በዚያ ተራራ ተቀምጠው፣ ሳያስሩና ሳያባርሩ በየቀኑ እየቀረቡ ስላላመዷቸው ነው። ለዚያች አጭር ትርኢት የዐሥር ዓመት ትዕግሥት ከኋላዋ ነበረ።

አሁን ወደ ኦቶና ልመለስ። በ2002 ዓ.ም. ለሥራ ጉዳይ ወደ ሶዶ ሄጄ ሳለሁ፣ አንድ ጎልማሳ በመንገድ ላይ አስቆመኝና ጎንበስ ብሎ ጨበጠኝ። ያ የግልገሉ ልጅ ነበር። በጤና ሙያ ተሰማርቶ፣ ሚስት አግብቶ፣ ልጆች ወልዷል። «ጋሼ፣ ቤቴን ሳያዩማ አይሄዱም» ብሎ ግድ አለኝና ኦቶና ወደሚገኘው ቤቱ ወሰደኝ። ቡና እየተፈላ ሳለ ልጆቹ ቴሌቪዥን ከፈቱ። በመስኮቱ ላይ በመጀመሪያ በአፋር ምድር እሳት የሚተፋው የኤርታ አሌ ተራራ ታየ፤ ቀጥሎም የሰሜን ተራሮች። ጭላዳዎች በገደሉ ጫፍ ተቀምጠው ሣር ይግጣሉ፤ ዋልያዎች በአጠገባቸው ይሰማራሉ፤ ሁለቱም እየተፈራረቁ ቀይ ቀበሮ እንዳይመጣባቸው ይጠባበቃሉ። ከሥዕሉ በስተጀርባ የአንድ አዛውንት ድምፅ ረጋ ብሎ ይተርክ ነበር። ድምፁ የአተንቦሮ ነበር። ዝግጅቱም «ፕላኔት ምድር» የተባለው፣ አምስት ዓመት ተሠርቶበት በ2006 የወጣው ነው።

ታናሹ ልጅ፣ «አባዬ፣ ይህ ተራራ የት አገር ነው?» ሲል ጠየቀ።

«የእኛው አገር ነው» አለው አባቱ።

ልጁ ጥቂት ዝም ብሎ፣ «የእኛ ከሆነ ታዲያ ለምን ሌላ ሰው ይነግረናል?» አለ።

ሁለታችንም መልስ አጣን። በእርግጥ እዚህ ላይ ለእውነት መመስከር ያስፈልጋል። በዚያ ፊልም አተንቦሮ ተራኪ ብቻ ነበሩ፤ ብርዱን ችለው፣ በገደል ጫፍ ተኝተው ጭላዳዎቹን ያነሡ ካሜራ አንሺዎች ሌሎች ናቸው። ተራኪው የሚመሰገነው የብዙ ሰዎችን ድካም በጥቂት ቃላት ስለሚያስተላልፍ ነው። ቢሆንም የልጁ ጥያቄ ትክክል ነበር፤ ዛሬም መልስ ይጠብቃል።

ልጆቹ ሲወጡ አባትየው ወደ እኔ ዞረ። «ጋሼ፣ ያን ግልገል ያስታውሱታል?» አለኝ።

«እንዴት እረሳዋለሁ?» አልሁት።

«እኔ ይህን ሰው ባየሁ ቁጥር ትዝ ይለኛል። እኚህ ሰውዬ እኮ አያስሩም። ሳያስሩም ማየት ይቻላል ማለት ነው።»

እርሳቸውም በወጣትነታቸው ያስሩ እንደ ነበር፣ ነገር ግን ከዘመን ጋር እንደ ተማሩና መንገዳቸውን እንደ ለወጡ ነገርሁት። ከዚያም ለሃያ አምስት ዓመት በሆዴ የያዝሁትን ተናገርሁ፤ «ያን ጊዜ የጻፍሃት ጥያቄ በክፍሉ ውስጥ ከተጻፉት ሁሉ የበለጠች ነበረች። ሌሎቹ የግልገሉን ቈዳ አዩ፤ አንተ ግን እናቱን አሰብህ። ጥፋቱ የእኔ ነው። እንዲመጣ ምክንያት የሆንሁ እኔ፣ ያሰርሁት እኔ፣ ዜሮ የሰጠሁህም እኔ።»

እርሱም ፈገግ ብሎ፣ «እንግዲያው ውጤቴ ይታረምልኝ ማለት ነዋ!» አለኝ። ተሳሳቅን፤ ነገር ግን የሁለታችንም ዓይን እንባ አቅርሮ ነበር።

ተማሪዎች ሆይ፣ የአተንቦሮ ሕይወት እንከን የሌለው ነው ብዬ ላሳምናችሁ አልፈልግም። ብዙ ሰዎች፣ «የዱሩን ውበት ብቻ እያሳዩ ጥፋቱን ለረጅም ዘመን ሳይናገሩ ኖሩ» ብለው ነቅፈዋቸዋል። ነቀፌታው ፈጽሞ ሐሰት አይደለም። እርሳቸው በተወለዱበት ዘመን የዓለም ሕዝብ ብዛት ሁለት ቢሊዮን ያህል ነበር፤ በ2020 ከ7.7 ቢሊዮን በላይ ሆኗል። ደኑ ተመንጥሯል፤ ባሕሩ በፕላስቲክ ተበክሏል። አተንቦሮ በሽምግልናቸው ይህን በግልጽ መናገር ጀመሩ። በ2017 በቀረበው ስለ ውቅያኖስ በሠሩት ዝግጅት ፕላስቲክ በባሕር እንስሳት ላይ የሚያደርሰውን ጉዳት አሳዩ። በ2020 የዕድሜያቸውን ምስክርነት በፊልም አቀረቡ። በ2021 በግላስጎው ከተማ በተደረገው የአየር ንብረት ጉባኤ በዘጠና አምስት ዓመታቸው በመሪዎች ፊት ቆመው ተናገሩ። በዘጠና ዘጠነኛ ልደታቸው ቀን፣ በሜይ 8 ቀን 2025፣ ስለ ውቅያኖስ የሠሩት አዲስ ፊልም ለሕዝብ ቀርቧል። ዘግይተው ተናገሩ ሊባል ይችላል፤ ነገር ግን ዘግይቶ መናገር ዝም ብሎ ከመሞት ይሻላል። እኔም ለዚያ ልጅ ዘግይቼ ተናግሬያለሁና ይህን አውቃለሁ።

የአገራችንም ታሪክ ጥፋትና ተስፋ የተቀላቀለበት ነው። የሰሜን ተራሮች ብሔራዊ ፓርክ በ1969 ተቋቋመ፤ በ1978 በዩኔስኮ የዓለም ቅርስ ሆኖ ተመዘገበ። በ1996 የዋልያና የቀይ ቀበሮ ቁጥር በመመንመኑ ከሌሎች ችግሮች ጋር ተደምሮ በአደጋ ላይ ካሉ ቅርሶች መዝገብ ገባ። በ2017 ግን ከዚያ መዝገብ ሊወጣ ቻለ። ለወላይታም የሚቀርብ ምሳሌ አለ። ከሶዶ ወደ ሳውላ በሚወስደው መንገድ አቅጣጫ የማዜ ብሔራዊ ፓርክ ይገኛል። በዚያ የሚሰማራው ቆርኬ ቀድሞ እስከ ሶማሊያ ድረስ በብዛት የነበረ ሲሆን፣ ዛሬ ከኢትዮጵያ በቀር በየትም አይገኝም። ዋልያና ቀይ ቀበሮም እንዲሁ የኢትዮጵያ ብቻ ናቸው። እነዚህ እንስሳት ከእኛ ዘንድ ከጠፉ ከዓለም ጠፉ ማለት ነው። ሌላ አገር ሄደን የምንበደርበት መንገድ የለም።

ስለ ድርሰት ትምህርታችሁም አንድ ነገር ልጨምር። የእኚህን ሰው አነጋገር ያዳመጠ ሰው ሦስት ነገር ያስተውላል። አንደኛ፣ ቃላቸው ጥቂት ነው፤ ሥዕሉ የሚናገረውን እርሳቸው አይደግሙትም። ሁለተኛ፣ እያንዳንዱን ነገር በትክክለኛ ስሙ ይጠራሉ። ሦስተኛ፣ ስለ ራሳቸው ሳይሆን ስለሚያዩት ይናገራሉ። ሰው የቱን ያህል ቢማር «እጅግ በጣም ውብ» እያለ ቃል ከሚያበዛ ይልቅ፣ «ጆሮው ወደ ድምፁ ዞረ» ብሎ ያየውን ቢጽፍ አንባቢው አብሮት ያያል። ጥሩ ገላጭ ድርሰት ማለት ይህ ነው።

ወላይታ ሶዶ ዛሬ የደቡብ ኢትዮጵያ ክልል መቀመጫ ናት፤ ዩኒቨርሲቲም አላት። የዳሞታ ተራራም በቦታው አለ። ከእናንተ መካከል በኦቶና የምትማሩ ካላችሁ ተራራው ከመስኮታችሁ ይታያችኋል፤ በሌላ ስፍራ የምትማሩም የራሳችሁ ተራራ፣ ወንዝ ወይም ጓሮ አላችሁ። ስለዚህ እንደ ቀድሞው «ያያችሁትን ጻፉ» እላችኋለሁ፤ አሁን ግን የጎደለውን እጨምርበታለሁ። ሳትይዙ ተመልከቱ። ከቤታችሁ ወጥታችሁ ከአንድ ሕያው ፍጥረት ራቅ ብላችሁ፣ ዝም ብላችሁ ግማሽ ሰዓት ተቀመጡ። ወፍ ትሁን፣ ጉንዳን ትሁን፣ እንቁራሪትም ትሁን፣ ምን እንደምታደርግ አስተውሉና ጻፉ። በመጨረሻም ያልገባችሁን አንድ ጥያቄ ከሥሩ አስፍሩ።

ጥያቄ ብቻ ጽፎ ለሚያመጣም ተማሪ መምህሩ ዜሮ እንዳይሰጠው አደራ እላለሁ። ስለ ተራሮቻችን ለምን ሌላ ሰው ይነግረናል ብሎ የጠየቀው ልጅ መልስ የሚያገኘው፣ ከእናንተ መካከል አንዱ ወይም አንዷ በገዛ ቋንቋችን ልትነግሩት የበቃችሁ ዕለት ነው።